በአንድ ፊደል የቆሙ ሽማግሌዎች

ዘረመሉን ሳያዩ ሰው የማያምኑ ሰዎች ገጥመዋችሁ ያውቃሉ? እኔን ሲ.ኤም.ሲ ሰፈር ገጥመውኛል። ለወንድሜ ልጅ ሚስት ልንጠይቅ፣ እኔ፣ አንድ የሲግናል ሰፈር ጎረቤቴና ከእንጦጦ ማርያም የወረዱ ቄስ ሄደን፣ እንደ ወጉ «ተቀመጡ» እስክንባል ቆመናል። ሰባት ቤት ቆጥረን ዝምድና እንደሌለ አረጋግጠናል። የልጅቷ አባት ግን የራሳቸውን ዘረመል ካስመረመሩ ወዲህ ሰባት ቤት አይበቃቸውም።

«የዘረመል ውጤቱስ?» አሉ ከሶፋው ሳይነሱ።

አመላቸውን ሰምተን ልጁን አስመርምረን ነበርና ወረቀቱን ሰጠናቸው። መነጽራቸውን አድርገው መስመር በመስመር አነበቡ።

«እዚህ ጋ ከዘረመሉ አንድ ፊደል ተቀይሯል። ለስኳር በሽታ ያጋልጣል። ልጄን አልሰጥም!»

«ጌታዬ፣ ሐኪሙ እኮ ብዙ ሰው ላይ አለ፤ ብቻውን አያሳምምም ብሎናል።»

«አልሰጥም አልኩ!»

ቄሱ መስቀላቸውን ጨበጡ። ልጅቷ ከበሩ ጀርባ ስታለቅስ ይሰማል። ያኔ የልጅቷ እናት ከጓዳ ወጥተው የባላቸውን ውጤት ጠረጴዛው ላይ ዘረጉት። ያው ቦታ፣ ያው ፊደል።

«እኔን ሲድሩልህ ማን ፊደል ፈተሸብህ?» አሉ። «ወይ አስቀምጣቸው፣ ወይ ተነስና አብረሃቸው ቁም!»

ሰውየው ቀስ ብለው ተነስተው አጠገቤ ቆሙ። «ተቀመጡ» ያሉን ሴትየዋ ናቸው፤ አራታችንንም።