የሰው ልጅ የሚያገባቸው እትዬ ይመኙሽ

«ምን አገባሽ?» ቢሏት የማትሰማ አንዲት ሴት የሌለችበት ሰፈር በኢትዮጵያ ምድር አይገኝም። ቢገኝም ሰፈር አይባልም፤ ቤቶች ተሰብስበውበታል ይባላል እንጂ። የእኛዋ፣ የጎንደር ቁስቋሟ፣ እትዬ ይመኙሽ ናቸው። ሙሉ ማዕረጋቸውን ልጻፍ ካልኩ፣ የአንገትና የጆሮ ጠቅላይ መርማሪ፣ የማጀት ተመልካች፣ የተዘጋ በር ሁሉ አንኳኪ፣ ክብርት እትዬ ይመኙሽ። ይህን ሹመት የሰጣቸው መንግሥት አልነበረም። ዘመኑ ደግሞ የደርግ ነበርና ያለ መንግሥት ሹመት የሚሠራ ሰው ደፋር ነው።

እትዬ ይመኙሽ ቅዳሜ ገበያ በሚባለው ቦታ በየቀኑ በርበሬና ድንብላል ይሸጣሉ። የወለዷቸውን አሳድገው ድረዋል። ሌላ ሴት ብትሆን አረፍኩ ብላ ትቀመጣለች፤ የእሳቸው ዓይን ግን ልጆቻቸው ከቤት ሲወጡ ሥራ ፈታ። ሥራ የፈታ ዓይን ደግሞ ጎረቤት ያያል።

መንገድ ላይ ልጅ ካገኙ ሰላምታ አያውቁም። አገጩን ይዘው ወደ ፀሐይ ያዞሩታል፤ ከጆሮው ኋላ ይመለከታሉ፤ የዓይኑን ቆብ ገለጥ ያደርጋሉ። ከዚያ ጥያቄ ይከተላል።

«ዛሬ ምን በላህ?»

«ቂጣ።»

«ማን ሰጠህ?»

«ማንም። የትናንት ነው፤ እኔው አገኘሁት።»

«እናትህስ?»

«ሄደች።»

«ሄደች» የምትለዋ ቃል ከተሰማች በቃ፤ ያቺ እናት ከሄደችበት ስትመለስ እትዬ ይመኙሽን ደጃፏ ላይ ታገኛቸዋለች። አይቆጡም፤ ድምፃቸውንም ከፍ አያደርጉም። ድንጋይ ላይ ተቀምጠው እንዝርታቸውን ያሾራሉ። «ምነው እትዬ፣ በደህና?» ስትላቸው፣ «ደህና ነኝ። ልጁ አልበላም ብዬ ነው» ይሉና ዝም ይላሉ። እስኪበላ አይነሱም። የጎንደር ሰው ጦር ይችላል እንጂ ደጃፉ ላይ ዝም ብሎ የተቀመጠ ሰው አይችልም፤ መንገደኛው ሁሉ ያያላ።

ብዙ ሰው ተቆጥቷቸዋል። «የሰው ልጅ ነው፤ እርስዎን ምን አገባዎት?» ያላላቸው ጎረቤት የለም። መልሳቸው ሁልጊዜ አንድ ነው።

«አዎ፣ የሰው ልጅ ነው። የጅብ ልጅ ቢሆንማ እናቱ ከአጠገቡ አትጠፋም ነበር።»

እኔ እጅጋየሁ እባላለሁ፤ ነርስ ነኝ። ቤቴን ከእሳቸው ቤት የሚለየው አንድ አጥር ነው። የእግዜር ሥራ ነው እንዳልል ቤቱን የሰጠኝ ቀበሌ ነበር። ከሆስፒታል ውዬ መጥቼ እግሬን ውሃ ውስጥ ስነክር በሩ ሳይንኳኳ ይከፈታል፤ እትዬ ይመኙሽ የአንድ ልጅ እጅ ይዘው ይገባሉ። አንድ ቀን የግንበኛውን የአዳሙን ልጅ አመጡት። ጆሮው ከክረምት ጀምሮ ይፈሳል።

«አባቱ ምን ይላል?» አልኩ።

«ሲያድግ ይተወዋል ይላል። ምኑን ነው የሚተወው፤ መስማቱን?»

አዳሙ ክፉ ሰው አልነበረም። የእሱም ጆሮ በልጅነቱ ፈሶ ቆሟል፤ በአንድ ወገን ብቻ እንደሚሰማ ግን ነገሬ ብሎት አያውቅም። ልጁን ወደ ሆስፒታል አስገባነውና ዳነ። ዛሬ ሹክሹክታ እንኳ አያመልጠውም፤ ይህም ለሰፈሩ ሌላ ችግር ሆነ።

የወይንሸት ነገር ደግሞ ሰነበተ። ወይንሸት የእህቷን ልጅ አማረችን «አስተምራታለሁ» ብላ ከአምባ ጊዮርጊስ አመጣቻት። በመስከረም ወይንሸት መንታ ወለደችና አማረች አንዱን አዝላ ሌላውን አቅፋ ከረመች። በዓመቱ የትምህርት ቤት ምዝገባ ሲደርስ እትዬ ይመኙሽ እንዝርታቸውን ይዘው ደጃፍ ላይ ተገኙ።

«ለእናቷ ምን ብለሽ ነው ያመጣሻት?»

«ትማራለች፣ ምነው አትማር? መንታዎቹ ትንሽ ይጠንክሩልኝ ብዬ ነው እትዬ።»

«መንታዎቹ እስኪጠነክሩ እሷ ትጎብጣለች።»

ወይንሸት አለቀሰች። ባሏ ዘምቶ ነበር፤ ጠላ ጠምቃ ነው የምታድረው፤ ሁለት ሕፃን ይዛ ምን ታድርግ? ይህን ጊዜ እትዬ ይመኙሽ ያላሰብነውን አደረጉ። ብድግ አሉና አንዱን ሕፃን ከአማረች ጀርባ ፈትተው አዘሉት። «ጠዋት ጠዋት እኔ ዘንድ ይዋሉ» አሉ። ከዚያ ወዲህ ገበያቸውን እስከ እኩለ ቀን ተዉት። በርበሬ የሚገዟቸው ደንበኞች ሌላ ሻጭ ለመዱ፤ አማረችም ፊደል ለመደች።

የሚያዩት የተራበና የታመመ ልጅ ብቻ መስሎኝ ነበር። አንድ ጊዜ ግን የባንክ ሠራተኛውን ልጅ አመጡብኝ፤ ጫማው የቆዳ ነው፤ ጉንጩ ይቀላል፤ ወተትና እንቁላል አይጎድልበትም። «ደግሞ ይሄ ምን ሆነ?» ብዬ ተሰላቸሁ።

«ስሙን ስጠራው ይደነግጣል። ስሙ የሚጠራው ለቁጣ ብቻ ነው» አሉ።

መድኃኒት እንደሌለኝ ነገርኳቸው። እሳቸው ግን ከዚያ ወዲያ ልጁን ባዩት ቁጥር በስሙ ጠርተው ያለ ምንም ጉዳይ ያወሩት ጀመር፤ ስለ ዝናቡ፣ ስለ ቁራዎቹ፣ ስለ አዲሱ ጫማው። ከጥቂት ጊዜ በኋላ ልጁ ከሩቅ ሲያያቸው እሱ ራሱ ስማቸውን ይጠራ ነበር።

በሰባ አምስት ዓ.ም. ክረምት ስብሰባ በዛ። እሁድ ጠዋት የቀበሌ፣ በሳምንቱ መካከል የሴቶች ማኅበር፣ ደግሞ የጽዳት ዘመቻ። የቀረ ሰው ከቀበሌው ሱቅ ስኳር አያገኝም፤ የባሰም ስም ሊወጣለት ይችላል። ስለዚህ ሰው ልጁን ቤት ውስጥ ይቆልፍበትና ይሄዳል። ክፋት አልነበረም፤ ሁሉም እንደዚያ ያደርግ ነበር። እትዬ ይመኙሽ ግን በስብሰባ ቀን ዝናቡን በጋቢያቸው ተከልለው በየበሩ እየዞሩ በስንጥቁ ይጣራሉ። «አለህ?» «አለሁ።» «እሳቱ ዘንድ እንዳትደርስ።» ቀጥለው ወደሚቀጥለው በር።

የቀበሌያችን ሊቀ መንበር ጓድ ላቀው ይባላል። ትጉህ ሰው ነበር፤ ለራሱ እንቅልፍ የማያውቅ። ባለቤቱ አገኘሁሽም የሴቶች ማኅበሩን ትመራለች። ሁለቱም ጎህ ሲቀድ ይወጣሉ፤ ሲመሽ ይገባሉ። ጌታው የሚባለውን ትንሹን ልጃቸውን የምትጠብቀው ሠራተኛ ዘመድ ሞቶባት ማክሰኝት ስለሄደች፣ ያን እሁድ እነሱም እንደ ሁላችን ቆልፈው መጡ።

አዳራሹ ሞልቷል። እኔ ከመካከል ተቀምጫለሁ። ጓድ ላቀው ስለ ሕፃናት እየተናገረ ነበር፤ ሕፃናት የነገዋ ኢትዮጵያ አበቦች ስለመሆናቸው፣ አበባ ደግሞ ተንከባካቢ እንደሚሻ። ሸጋ ንግግር ነበር። ያን ጊዜ በሩ ተከፈተና እትዬ ይመኙሽ ገቡ። ጋቢያቸው ውሃ ያንጠባጥባል፤ ከጋቢው ስር ልጅ አቅፈዋል። የአብዮት ጥበቃው ኃላፊ አለነ በጠመንጃው ሊያግዳቸው ሞከረ፤ አጠገቡ እንደሌለ ቆጥረው አለፉት።

«እጅጋየሁ፣ ተነሺ» አሉኝ።

ጓድ ላቀው ንግግሩን አቋረጠ። «ጓዲት፣ ስብሰባ ላይ ነን። የማን ልጅ ነው?»

«የሰው ልጅ ነው» አሉ፤ ዞር ብለው እንኳ አላዩትም።

ጌታው ከጋቢው ውስጥ ራሱን አወጣና «አባ» አለ።

አገኘሁሽ ከፊት ወንበር ስትነሳ ጠረጴዛው ተገለበጠ። ልጁ እሳት ላይ የነበረ የሻይ ጀበና ጎትቶ የፈላ ውሃ እግሩ ላይ አፍስሶ ነበር። እትዬ ይመኙሽ በስንጥቁ ሲጣሩ የሰሙት «አለሁ» ሳይሆን ልቅሶ ነው። ቁልፉን በድንጋይ ሰብረው አወጡት። አንዱ ቅቤ እንቀባው አለ፤ ሌላው ሊጥ አለ። ሁሉንም ከለከልኩና ቀዝቃዛ ውሃ ደጋግሜ አፈሰስኩበት፤ በንጹሕ ነጠላ ሸፍኜው በአንድ መሥሪያ ቤት መኪና ሆስፒታል አደረስነው። ሐኪሙ እግሩ እንደሚድን ነገረን። ላቀው ከልጁ አልጋ አጠገብ አደረ።

ማክሰኞ ጠዋት አለነ እትዬ ይመኙሽን ወሰዳቸው። ስብሰባ ቀርተዋል፤ የሊቀ መንበሩን ቤት ቁልፍ ሰብረዋል። በዚያ ዘመን ቀበሌ መጠራት ቀልድ አልነበረም። ገብተው ያልተመለሱ ሰዎች እናውቃለን፤ ስማቸውን ጮክ ብለን አንጠራም ነበር። እትዬ ይመኙሽ ጋቢያቸውን ደርበው፣ ጥቂት ቆሎ በመሀረብ ቋጥረው ሄዱ። እኔም ከሥራ ቀርቼ ተከተልኳቸው። አለነ በር ላይ ቆሞ ይጠይቃቸዋል።

«የመንግሥት ሰው ቤት ቁልፍ መስበር ወንጀል መሆኑን ያውቃሉ?»

«አውቃለሁ።»

«ታዲያ ለምን ሰበሩት?»

«ልጁ ከውስጥ መክፈት አልቻለማ።»

አለነ ከበላይ ትእዛዝ እስኪመጣ ብሎ ባንዲራና መፈክር የሚቀመጥበት ክፍል ውስጥ አስገባቸው። እኔ ደጅ ቆሜ ጠበቅኩ።

መጀመሪያ የመጣችው ወይንሸት ናት፤ መንታዎቿን ይዛ። «እትዬ የሉም አሉኝ። እኔ ሥራ አለብኝ፤ ያሉበት ይዋሉ» ብላ ሁለቱንም አለነ እግር ስር አስቀመጠቻቸው። አዳሙ ልጁን በትከሻው ተሸክሞ መጣ። ከዚያ የማላውቃቸው ሴቶች ሳይቀሩ ከላይ ሰፈርም ከታች ሰፈርም ልጆቻቸውን እየጎተቱ፣ እያዘሉ፣ እየነዱ መጡ። አንዳቸውም አልፈከሩም፤ አንዳቸውም ስለ ፍትሕ አልተናገሩም። «የሚጠብቁልንን ያሰረ እሱ ይጠብቅ» ነው ያሉት። ግቢው በልጅ ሞላ። አንዱ የአለነን ቆብ ወሰደ፤ ሌላዋ ጠመንጃውን ይዛ «ይሄ ምንድን ነው?» ትለዋለች። አለነ ጠመንጃውን ወደ ላይ ከፍ አድርጎ እንደያዘ ልጆቹ መካከል ቆሞ ቀረ።

ያን ጊዜ ላቀው ከሆስፒታል መጣ። እዚያ ስላደረ ዓይኑ ቀልቷል። ግቢውን አየ፤ እኔን አየ። ቀጥ ብሎ ሄዶ ክፍሉን ከፈተ።

«ቁልፉ የእኔ ነው» አለ ለአለነ፣ ሁላችንም እንድንሰማው ጮክ ብሎ። «ባለቤቱ አልከሰስኩም።» ከዚያ ድምፁ ዝቅ አለ። «እትዬ፣ ይውጡ።» እስከዚያ ቀን ከ«ጓዲት» ሌላ ጠርቷቸው አያውቅም።

እትዬ ይመኙሽ ግን አልወጡም። ክፍሉን ዙሪያውን ሲያዩት ቆዩና፣ «ይሄ ቤት ሰፊ ነው። መፈክሩን ሌላ ቦታ ብታደርጉትስ?» አሉት።

በሳምንቱ መፈክሮቹ ወደ አዳራሹ ጓዳ ተዛወሩ፤ ክፍሉ ኖራ ተቀባ፤ ሰሌን ተነጠፈበት። የቁስቋም ልጆች በስብሰባ ቀን፣ ኋላም በየቀኑ እዚያ ዋሉ። እናቶች በተራ ምሳ አመጡ፤ አገኘሁሽ ራሷ የመጀመሪያውን ተራ ወሰደች። ትምህርት ሲከፈትም አማረች ከትምህርት ቤት ስትመለስ ትንንሾቹን ፊደል ታስቆጥራቸዋለች። ጌታው እያነከሰ መጣ፤ ክረምቱ ሳያልቅ ሮጠ።

ወሬው ተሰማ። ከሌላ ቀበሌ ጎብኚ መጣ፤ ከማክሰኝትም መጣ። ጓድ ላቀው እንግዶቹን እያዞረ ሐሳቡ እንዴት እንደመነጨ፣ ሰፊው ሕዝብ እንዴት እንደተነሳሳ ሲያብራራ፣ እትዬ ይመኙሽ በር ላይ ተቀምጠው ጥጣቸውን ይፈትላሉ። እኔ ተናደድኩ። «የእርስዎ ሥራ ነው፣ ለምን ዝም ይላሉ?» አልኳቸው።

«ልጆቹ ይዋሉበት እንጂ ሐሳቡን የፈለገ ይውሰደው» አሉ።

እኛ የቁስቋም ሰዎች ግን ዝም አላልንም። ገበያ ስንሄድ፣ ለቅሶ ስንቀመጥ፣ «የእኛ ሰፈር ልጅ አይቆለፍበትም» እያልን ደረታችንን ነፋን። ከሁሉ በላይ የሚነፋው አዳሙ ነበር፤ የክፍሉን ደጃፍ ደረጃ በነፃ ስለሠራው ሲጠይቁትም ሳይጠይቁትም ያወራል።

ከዓመት በኋላ ለእኔ ዕድገት መጣልኝ፤ ባሕር ዳር፣ በዋና ነርስነት። ደስ አለኝ። ከሥራ መጥቼ እግሬን በሰላም የምነክርበት ቤት፣ በሩ ሲንኳኳ ብቻ የሚከፈትበት ቤት ታየኝ። ዕቃዬን ጠቀለልኩ። በዋዜማው እትዬ ይመኙሽ ለመንገዴ ስንቅ የሚሆን የእንጀራ ድርቆሽ በቁና ይዘው መጡ። እንድቀር እንዲለምኑኝ ጠብቄ ነበር፤ መልሴንም አዘጋጅቻለሁ።

«ሂጂ፣ እጅጌ» አሉኝ። «እዚያም ልጆች አሉ። ደግሞ አንቺም ማረፍ አለብሽ፤ ደክሞሻል፤ አየዋለሁ እኮ።»

መርቀውኝ ሄዱ። ማንንም ዝም ብሎ ማሳለፍ የማያውቁ ሴት እኔን እንደዚህ በቀላሉ ሲያሳልፉኝ ነው ማልቀስ የጀመርኩት። በማግስቱ ዕድገቱን እንደማልፈልግ ስናገር የክፍል ኃላፊዬ ያመመኝ መሰለው።

ለምን እንደቀረሁ ለጠየቀኝ ሁሉ የባሕር ዳር ሙቀት አይስማማኝም እላለሁ። እትዬ ይመኙሽ ብቻ አልጠየቁኝም። ድርቆሹን አብረን በላነው።