እንጅባራ ላይ የተሸከምሁት ድንጋይ

ኳስ ተጫዋች እግሩ ሲደክም አፉ ይበረታል። አፉ የበረታውን ሰው ደግሞ አሰልጣኝ ይሉታል። አላምንም የምትሉ እኔን እዩኝ።

በጃንሆይ ጊዜ ለዳንግላ ቡድን ስድስት ዓመት ሙሉ በግራ ክንፍ ተጫውቻለሁ። «ስንት ጎል አገባህ?» የሚል አንባቢ መቼም አይጠፋም... እሱን ለጊዜው እንለፈው። ጉልበቴ የተሰበረውም እንደ ወጉ ሜዳ ላይ ሳይሆን ከሠርግ ስመለስ ከበቅሎ ወድቄ ነው። በቅሎዋ ቆማ ነበር። ቡድኑ ማልያዬን ወዲያው ለሌላ ሰጠብኝ፤ አኮረፍሁ። በዚያው ሰሞን እንጅባራዎች «መጥተህ አሠልጥነን» ብለው ላኩብኝ። ዳንግላን አሳያታለሁ ብዬ ሄድሁ።

እንጅባራ ከዳንግላ በጭነት መኪና ቢበዛ የጥቂት ሰዓት መንገድ ነው፤ ለእኔ ግን ውጭ አገር ነበር። ብርዱ ሌላ፣ ጭጋጉ ሌላ። ተጫዋቾቼ እርስ በርስ የሚያወሩት በአገውኛ፣ እኔ ደግሞ ከአማርኛ በቀር አንድ ቃል የለኝ። አስተርጓሚዬ በረኛው አያሌው ነበር። ስለ ኳስ ጥበብ ሩብ ሰዓት እናገራለሁ፤ እሱ በሁለት ቃል ይጨርሰዋል።

«ምን አልሃቸው?»

«ሩጡ አልኋቸው። ሌላው ትርፍ ነው።»

የቀጠሩኝ አያ ቢተው፣ ለቡድኑ ኳስ የገዙት የአገር ሽማግሌ፣ አንድ ቀን ጠሩኝና «ልጄ፣ የዳንግላ ልጆች ሊገጥሙን ይመጣሉ» አሉኝ። «ካሸነፍህ የእኛ ሰው ሆነህ ትቀራለህ። ከተሸነፍህም እነሱ በመጡበት መኪና ላይ ለአንድ ሰው ቦታ አይጠፋም።»

እንቅልፍ አጣሁ። የዳንግላው አጥቂ ሞላ የአክስቴ ልጅ ነው፤ ሲሮጥ አይያዝም። ስለዚህ ቀርቀሃ ቆራጩን ተከላካዬን ጫኔን ለብቻው ወስጄ «ገና ሲጀመር አንድ ጊዜ መሬት አስይዘው፤ ከዚያ ወዲያ ራሱ ይፈራሃል» አልሁት። ጫኔ ታዛዥ ሰው ነው። ጨዋታው በተጀመረ በአፍታ ሞላ ሣሩ ላይ ተዘረረ።

ዳኛው ከጥሊሊ የመጣ አስተማሪ ነበር፤ ፊሽካ ነፋና ቅጣት ምት ሰጠ። በሌላ አገር ነገሩ እዚህ ላይ ያበቃል። እኛ ዘንድ ግን አያ ቢተውና ሦስት ሽማግሌዎች ጋቢያቸውን አስተካክለው ሜዳ ገቡ።

«አባቶች፣ ጨዋታው ይቀጥል እንጂ» አለ ዳኛው።

«ሰው ተበድሎ ምን ጨዋታ አለ?» አሉት።

ጫኔ እንደ እርቅ ደንቡ ማጅራቱ ላይ ድንጋይ ተሸክሞ ሞላ ፊት አጎነበሰ። ሞላም «ይቅር ለእግዜር» አለው። ቀጥሎ መሐላ መጣ፦ ሁለተኛ ላይነካው፣ በመንገዱም ላይቆምበት። እኔ ሞኙ ጨዋታው እንዲጀመር ቸኩዬ «ይማል፣ ይማል! እርቅ ደም ያደርቅ!» እያልሁ ከዳር እጮኻለሁ። ጫኔ በሚካኤል ማለ።

ከዚያማ ምን ልንገራችሁ... ሞላ ኳሷን እየገፋ ሲመጣ ጫኔ ከመንገዱ ዘወር ይልለታል። አንድ ጎል።

«ጫኔ፣ ያዘው እንጂ!»

«ጋሼ፣ ምያለሁ እኮ።»

ሌላ ተከላካይ አልነበረህም ወይ ትሉኛላችሁ። ነበረኝ፤ የጫኔ ታናሽ ወንድም። ታላቅ ወንድም የማለውን ታናሽ ሊያፈርስ? ሁለት ጎል።

በእረፍት ሰዓት ወደ ሽማግሌው ሮጥሁ። «አያ፣ እባክዎ ያንን መሐላ ያንሱልኝ።»

«መሐላ የሚነሣው ነገሩ ከሥሩ ሲታይ ነው» አሉና ጫኔን ጠሩት። «ይህን ልጅ በራስህ አሳብ ነው የመታኸው?»

ጫኔ መሬት መሬት እያየ «ጋሼ ናቸው ያዘዙኝ» አለ።

አያ ቢተው ወደ እኔ ዞሩ። «ሞላ የእናትህ እህት ልጅ አይደለም እንዴ?»

«ነው» አልሁ።

ድንጋዩ ገና ከዳር አልተነሣም ነበር። በዚያ ከበቅሎ ወድቄ በሰበርሁት ጉልበቴ ተሸክሜው፣ የሁለት ከተማ ሕዝብ እያየኝ፣ አፍንጫውን ስጠርግለት ባደገ ልጅ ፊት አጎነበስሁ። ያን ቀን ያፈርሁትን ያህል በዕድሜዬ አፍሬ አላውቅም። ሞላ ቶሎ ይቅር ብሎኝ ቢሆን ምን ነበረበት?

«እስቲ ትንሽ ላስብበት» አለ።

አስቦ አስቦ ይቅር አለኝ። እኔም እንደ ጫኔ ማልሁ፤ የእሱም መሐላ እንዳለ ቀረ። ከእረፍት በኋላ ቡድኔን የመራሁት እንግዲህ «ያዙት» ማለት የማይችል አሰልጣኝ ሆኜ ነው። አራት ለባዶ!

አያ ቢተው አልተቆጡኝም። ትከሻዬን መታ መታ አድርገው «ጥፋቱን የሚያምን ሰው ነህ፤ ይህ ትልቅ ነገር ነው» አሉኝ። «መኪናው እንዳያመልጥህ።»

ስድቤን ለመቀበል ተዘጋጅቼ መኪናው ላይ ወጣሁ። ሞላ ግን ጠጋ ብሎ ቦታ ለቀቀልኝና «ና እዚህ» አለኝ። «ስድስት ዓመት ስትጫወት አንድ ጎል አላገባህልንም፤ የዛሬዎቹ ግን አራቱም ያንተ ናቸው።»

ስለዚህ አሁን ለዳንግላ ስንት ጎል እንዳገባሁ ብትጠይቁኝ አላፍርም። አራት። አራቱንም ያገባሁት የእንጅባራ አሰልጣኝ ሆኜ ነው።