የበረኛችን ሆድ

ኳስ ተጫዋችን የሚጥለው ረሃብ ነው የሚላችሁ ሰው ካለ፣ ጥጋብን አያውቃትም በሉት! እኔ ሁለቱንም ባንድ ሜዳ፣ ለዚያውም ባንድ ቡድን ማሊያ ተሰልፈው አይቻለሁ...

በደርግ ዘመን ደባርቅ ውስጥ አንዲት ትንሽ ኮሌጅ ነበረች። ትንሽ ስላችሁ የእውነት ትንሽ፤ ለቡድኑ አሥራ አንድ ሰው ሲመረጥ የሚቀረው ተማሪ ለጭብጨባ እንኳ አይበቃም። እኔ የግራ ክንፍ ነበርኩ። ከዳባት ቡድን ጋር ገጥሞ ያሸነፈ ለክፍለ ሀገር ውድድር ጎንደር ይሄዳል ተባለ። ጎንደር ደግሞ ሲኒማ አለ! የመካነ ብርሃን ልጅ ነኝና ሲኒማን በወሬ እንጂ በዓይኔ አላውቀውም። እንቅልፍ አጣሁላችሁ።

ችግሩ ጨዋታው ሁዳዴ ላይ መዋሉ ነው። እኛ እስከ ዘጠኝ ሰዓት እህል አንቀምስም፤ ጨዋታው ሰባት ሰዓት ላይ ነው። ይህን ለኮሌጁ ካድሬ ለጓድ ሞላ ማን ይንገራቸው? ጾም ኋላቀርነት ነው ብለው ሰኞ ሰኞ የሚያስተምሩን እሳቸው!

የጨዋታው ቀን ረፋድ ላይ ማሊያና ቁምጣ እንደለበስን ሰበሰቡንና ተቀቅሎ የተላጠ እንቁላል በሳፋ አስመጡ።

«ጓዶች! ጉልበት ማለት ይህ ነው። ለሰው ሁለት ሁለት! እኔም አብሬያችሁ እበላለሁ።»

ዓይናችን ሁሉ ወደ በረኛችን ወደ ሰይድ ዞረ። ሰይድ የዳባት ነጋዴ ልጅ ነው፤ እስላም በመሆኑ ከመሃላችን የማይጾም እሱ ብቻ። ቁምጣችን ኪስ የለው! ጓድ ሞላ ፊታቸውን ባዞሩ ቁጥር እንቁላሉ በጠረጴዛ ሥር ወደ ሰይድ ይጓዛል።

«ሰይድ፣ በሞቴ፣ ይችን ብቻ!»

«ያ ጀመዓ፣ ሆድ እኮ ነው፣ ጎተራ አይደለም!»

ግን ደግ ልጅ ነው፤ እንዳንጋለጥበት ብሎ ዋጠው። እያዘንኩለት የራሴንም ጨመርኩለት።

ጨዋታው ተጀመረ። አሥራችን በረሃብ እንንገዳገዳለን። የዳባት ልጆችም ጿሚ ናቸው መሰለኝ፣ ኳሷን ከመምታት ይልቅ ቁጭ ቢሉባት ይመርጣሉ። ባዶ ለባዶ ሊያልቅ ሲል ከነሱ አንዱ ወደ ጎል መታ... መታ ልበል እንጂ፣ ኳሷ እስክትደርስ ገበያ ደርሶ መመለስ ይቻል ነበር። ሰይድ አያት። ጎንበስ ሊል ሞከረ። ሆዱ እንቢ አለው! ኳሷ በእግሮቹ መሃል ቀስ ብላ ገባች፤ ሲኒማዬም በዚያው ቀረ።

ጓድ ሞላ እዚያው ሜዳ ላይ ለግምገማ አስቀመጡንና ሰይድን አስነሡት።

«ይህ አሻጥር ነው! ለአገርህ ልጆች ሸጥኸን!»

ደነገጥን። በዚያ ዘመን አሻጥረኛ የተባለ ሰው ማታ ቤቱ ላይገባ ይችላል። እውነቱን ቢናገር ደግሞ ማለቃችን ነው። ሰይድ ሁላችንንም አየን፤ አንጀቴን በላው። ከዚያ ወደ ጓድ ሞላ ዞረና ዝግ ባለ ድምፅ፣

«ጓድ፣ ወላሂ አልሸጥሁም» አለ። «ጎንበስ እንዳልል የያዙኝ የመጨረሻዎቹ ሁለት እንቁላሎች ናቸው... እርስዎ በጠረጴዛ ሥር ሸጎጥ ያደረጉልኝ።»

ጓድ ሞላ ጉሮሯቸውን ጠረጉ፤ ፀሐይዋንም ቀና ብለው አዩ።

«ጓዶች! ለሽንፈታችን ተጠያቂው ከተራራው የነፈሰው ነፋስ ነው። ዘጠኝ ሰዓት ሆኗል፤ ስብሰባው አልቋል!»

ብለው ወደ ቤታቸው ሮጡ። በዚያን ቀን ሜዳው ላይ እንደሳቸው የሮጠ ሰው አልነበረም።