በሙሉ ድምፅ የታወቀው አውሮፕላን

በ1971 ዓ.ም. ደሴ፣ ቧንቧ ውሃ በሚባለው ሰፈር የሚገኝ አንድ ቀበሌ ታሪክ ሠራ። ከዚያ በፊት የሰው ልጅ ነገርን የሚለየው በዓይኑ አይቶ ነበር። ቀበሌው ግን እጅ በማውጣትም እንደሚለይ አረጋገጠ።

ለጨርቅ ነጋዴው ለባሽር፣ ሳውዲ፣ ጅዳ ያለው ወንድሙ "ለልጅህ" ብሎ የሚገጣጠም የፕላስቲክ መጫወቻ ላከለት። ኮምቦልቻ ኬላ ላይ ሲፈተሽ ሥዕል ያለበት የካርቶኑ ክዳንም መመሪያውም እዚያው ቀሩ። ደሴ የደረሰው ክዳን በሌለው ካርቶን ያለ ግራጫ ቁርጥራጭ ብቻ ነው። የቀበሌው ሊቀ መንበር ጓድ ቀለሙም፣ ንቃታቸው የተመሰገነ ነውና፣ የዕቃው ማንነት እስኪጣራ ድረስ ባሽርን አሰሩት።

"ወላሂ፣ ጓድ ሊቀ መንበር፣ ምን እንደሆነ አላውቅም!"

"አለማወቅህ ራሱ ያስጠረጥራል።"

ሚስቱ መሪየም ምሳ ይዛ ስትመጣ ቁርጥራጩን አየችው። "በአላህ፣ ይሄ ክንፍ አይደል እንዴ? ገጣጥማችሁ እዩት በቃ!"

"እህቴ፣ ማንነቱ ያልታወቀ ነገር አይገጣጠምም። የኢምፔሪያሊስት ቢሆንስ? በገዛ እጃችን ሠራንለት ማለት አይደል?"

ባሽር ነገሩን አሰላው። ዕቃው የወዳጅ አገር ከሆነ ቤቱ ይገባል፤ የአሜሪካ ከሆነ አለቀለት።

ጉባኤው ተሰበሰበ። ጎማ ስላለው ትራክተር፣ ክንፍ ስላለው አውሮፕላን ነው ያሉ ነበሩ። ክርክሩ ሲጦፍ ከካርቶኑ ሥር የሚለጠፍ ወረቀት ተገኘ፤ ወረቀቱ ላይ ኮከብ አለ።

ጓድ ቀለሙ ብድግ አሉ። "ኮከብ የማን ነው?"

"የእኛ!" አለ ጉባኤው።

"ነጭ ነው እኮ፣ ጓድ" አለ አንድ ተጠራጣሪ።

"ገና ስላልነቃ ነው። ቀይ ይቀባ!"

እጅ ወጣ፤ ዕቃው በሙሉ ድምፅ የሶቪየት አውሮፕላን ሆነ። ባሽርም ከተጠርጣሪነት ወደ አብዮታዊ ለጋሽነት ተዛወረ። ቤቱ ሲገባ ከደስታው ብዛት አለቀሰ።

በአብዮት በዓል ዕለት፣ ኮከቡ የቀላው አውሮፕላን ተገጣጥሞ መድረክ ላይ ተቀመጠ። ባሽር ከፊት ወንበር ተቀምጦ ተጨበጨበለት። የክብር እንግዳው፣ አንድ ሶቪየታዊ ባለሙያ፣ ጎንበስ ብሎ አየና ፊቱ ተለዋወጠ። አስተርጓሚው ጉሮሮውን ጠረገ።

"ይሄ ቬትናምን የደበደበው የአሜሪካ አውሮፕላን ነው። እዚህ ምን ይሠራል? ነው የሚሉት።"

መሪየም የባሏን እጅ ጨምድዳ ያዘች። ጓድ ቀለሙ ግን ቅንጣት አልደነገጡም።

"የማረክነው ነው!"

ጭብጨባው አዳራሹን አናጋው። እንግዳው ፈገግ ብሎ እጃቸውን ጨበጠና በአስተርጓሚው በኩል "ከማን ማረካችሁት?" ሲል ጠየቀ።

ጓድ ቀለሙ ወደ ፊት ወንበር ጠቆሙ።