በቴሌቪዥኑ መስታወት ላይ የለጠፍኩት ቀይ

«ነገርን ከሥሩ፣ ውሃን ከጥሩ» ያለው ሰውዬ ነፍሱን ይማርና፣ ደብረ ብርሃን ላይ በኅዳር አድሮ የሚያውቅ አይመስለኝም። ቢያድር ኖሮ ውርጩ ራሱ ያስተምረው ነበር። ብርድን ከሥሩ ማን ይነቅለዋል? ሥሩ ሰማይ ነው! የኛ ሰው ታዲያ ሰማይን ሲያባብል አልኖረም፤ በግ ሸልቶ፣ ሱፍ ፈትሎ፣ በርኖስ ደርቦ «እስኪ አሁን ና!» አለው እንጂ። ከውስጥ አልለወጥ ያለ ነገር ከውጭ ይለወጣል። ይህን ፍልስፍና ከዩኒቨርሲቲ አላመጣሁትም። እኔ ከመሠረተ ትምህርት ያለፈ ደጃፍ ያልረገጥኩ፣ ሱፍ እያቀለምኩ ምንጣፍ የማሠራ ሴት ነኝ። ፊደል ቆጥሬ ስጨርስ አስተማሪው «ጎበዝ፣ አሁን ማንበብ ትችያለሽ» አለኝ። መናገሩን ቀድሜ እችለው ስለነበር ከዚያ ወዲህ ማንም አላስቆመኝም። እናንተም አታስቆሙኝም፤ አርፋችሁ ተቀመጡ።

ዘመኑ የደርግ ነው፤ ከበግ በቀር «ጓድ» ያልተባለ ፍጡር ያልነበረበት ዘመን። ታላቅ እህቴ እትዬ ጥሩወርቅ ጉልበቷን ታማ ከቤት መውጣት አቁማለች። ገበያ የለ፣ ቤተ ክርስቲያን የለ፣ ለቅሶ የለ። በእኛ አገር ለቅሶ መቅረት ግማሽ ሞት መሆኑን ታውቃላችሁ። ልጇ ዳንኤል ከሶሻሊስት አገር ትምህርቱን ጨርሶ ሲመለስ ታዲያ ቴሌቪዥን ይዞላት መጣ። ጥቁርና ነጭ ነው፤ ቢሆንስ? ቴሌቪዥኑ የገባ ዕለት ሰፈርተኛው አብሮ ገባ፣ ከዚያም አልወጣም። እህቴ ወደ ሰው መሄድ ቢያቅታት ሰው ወደ እሷ መጣላት። ፊቷ ተመለሰ፤ ሐሜቱም ተመለሰ፤ ያው ነው።

ዳንኤል ከቴሌቪዥኑ ጋር ጌም የሚሉት አንድ ሳጥን አምጥቶ ነበር። ሳጥኑን ከቴሌቪዥኑ ጋር ሲያገናኙት መስታወቱ ላይ በግራና በቀኝ ሁለት ነጭ እንጨት ይቆማል፤ በመሃላቸው ነጭ ኳስ ይመላለሳል። ሁለት ተጫዋቾች አንዳንድ መዘውር ይይዛሉ። መዘውሩን ስታዞሩት እንጨታችሁ ወደ ላይ ወደ ታች እያለ ኳሱን ይመልሳል፤ ኳሱ ካመለጣችሁ ገባባችሁ። በቃ፣ ይኸው ነው። ያውም የዳንኤል ጓደኛ የሳጥኑን ሆድ ከፍቶ ሽቦውን ስለነካካው ኳሱ ከተፈጠረበት ይልቅ ፈጥኗል፤ ሥዕሉ ግን ገርጥቶ ጨዋታው በደብረ ሲና ጉም ውስጥ የሚካሄድ ይመስል ነበር።

የቀበሌያችን ሊቀመንበር ጓድ በላቸው መጀመሪያ ሊያይ መጣ። ቀጥሎ ሊጫወት መጣ። ቀጥሎ ሊወስድ መጣ።

«ቴሌቪዥን በግለሰብ ቤት መቀመጡ ከሰፊው ሕዝብ ጥቅም ጋር አይሄድም። የቀበሌው አዳራሽ ይግባ!»

«አዳራሹ ዳገት ላይ ነው፤ እኔ በምን ጉልበቴ ልወጣው?» አለች እህቴ።

«ሰፊው ሕዝብ ጉልበት አለው» አላት።

እህቴ ነጠላዋን ወደ አፏ ሳብ ስታደርግ ያንን የቀድሞውን ባዶ ቤት እያየችው እንደነበር ገባኝ። ሰፈርተኛውም አጉረመረመ። ጓድ በላቸው ቀማኛ መባልን አልወደደም፤ በዚያ ላይ መዘውሩን ይዞ ያላሸነፈው ሰው አልነበረምና ደረቱ ተነፍቷል። «እንግዲያው በጨዋታ ይለይልን!» ብሎ ፎከረ። «እሁድ፣ በሕዝብ ፊት! ካሸነፍኩ አዳራሽ ይገባል። ከተሸነፍኩ ሁለተኛ ስሙን አላነሣም።» በቅሎ ገመዷን በጠሰች ቢሉ በራሷ አሳጠረች ማለት ይኼኔ ነው።

ዳንኤል ግን ተጨነቀ። «አክስቴ፣ ሰውዬው አይቻልም። ከፍቼ ኳሱን ላዘግየው ብል ደግሞ ጭራሽ ሊበላሽ ይችላል።»

«ቀለምስ ማውጣት አይችልም?»

«ኧረ አክስቴ! ጥቁርና ነጭ ሆኖ የተሠራ ነው፤ ከውስጡ ቀለም የለውም።»

«በግስ ከውስጡ ቀለም አለው? ነጩን ሱፍ ቀይ የማደርገው በጉን ቀድጄ መሰለህ?»

የአብዮቱ በዓል ሲከበር አምፖሎቹን የምናለብስበት ቀይ ላስቲክ ለሰፈሩ ሴቶች ታድሎን ነበር። ትራፊው እኔ ጋ ቀርቷል። (ሰፊው ሕዝብ መልሺ አላለኝም።) የመስታወቱን የቀኝ ግማሽ በእሱ አለበስኩት፤ የግራውን በቢጫ የከረሜላ ልባስ። ቀዩ በቀኝ የሆነበትን ምክንያት ላጫውታችሁ፦ ጓድ በላቸው ግራኝ ነው፤ በግራ በኩል ካልተቀመጠ እጁ አይታዘዝለትም።

እሁድ ቤቱ ጢም አለ። ከአልዩ አምባ በርበሬ ጭኖ ሲወጣ እኛ ዘንድ የሚያርፈው ነጋዴ ጋሽ ሰይድም ከፊት ተቀምጧል፤ ሲቀልድ ፊቱ የማይፈታ ሰው ነው። ጓድ በላቸው ገብቶ መስታወቱን ሲያይ አጨበጨበ።

«አቤት! ይኼ ነው አብዮታዊ ቴሌቪዥን! ማን ነው የሠራው?»

«እኔ ነኝ ጓድ ሊቀመንበር። ላስቲኩ የቀበሌው ነው።»

«ቀይ ማለት እኛ ነን!» ብሎ ሕዝቡን አስጨበጨበ፤ ከዚያም የለመደውን የግራ ወንበር ስቦ ተቀመጠ።

ቢጫው ላይ።

«ለኛ ማን ይጫወታል?» ሲባል እህቴ «ቴሌቪዥኑ የኔ፣ ጨዋታውም የኔ» ብላ የቀኙን መዘውር ያዘች። ዕድሜ ልኳን እንዝርት ስታሾር የኖረች ጣት ናት፤ ብዙም አልከበዳት። ጓድ በላቸው ግን በጣም ፈጣን ነው። አገባ። ደገመ። ማንም አላጨበጨበም። ያን ጊዜ ጋሽ ሰይድ ጺሙን እያሻሸ፣ ለራሱ እንደሚናገር ሰው፦

«አጂብ ነው ወላሂ! ቀዩ እየተሸነፈ ነው እንዴ?»

ቤቱ ጭጭ አለ። በዚያ ዘመን የነበራችሁ ጭጭታውን ታውቁታላችሁ። ከዚያ ሁሉ ሰው መሃል ጆሮው የረዘመ አንድ አይጠፋም፤ ማን እንደሆነ ደግሞ ሊቀመንበሩም አያውቅም። ጓድ በላቸው ቀዩን አየ፣ ቢጫውን አየ፣ የተቀመጠበትን አየ።

«እትዬ ጥሩወርቅ፣ ቦታ ብንቀያየርስ?» አለ፤ ድምፁ ቅቤ ሆኗል።

«ጉልበቴ ጓድ ሊቀመንበር፣ ጉልበቴ!» አለች እህቴ።

ሁለቱ እንዲህ ሲባባሉ ኳሱ ቢጫውን አልፎ ሄደ። እኔ ብድግ አልኩና «ቀይ አገባ!» ብዬ አጨበጨብኩ። ቀይ ሲያገባ የማያጨበጭብ ማን ነው? ቤቱ በጭብጨባ ተናጋ። ጓድ በላቸውም ማጨብጨብ ነበረበት። ሲያጨበጭብ ደግሞ እጁ ከመዘውሩ ይነሣል፤ ኳሱም ሰው አጨብጭቦ እስኪጨርስ የሚታገሥ ዓይነት አይደለም። እንደገና ገባበት። እንደገና አጨበጨብን። ከሁሉ ቀድሞ ማጨብጨብ ያቆመ ሰው ላለመባል እሱ ከማንም ይበልጥ ያስረዝማል፤ ባስረዘመ ቁጥር ይገባበታል፤ በገባበት ቁጥር ያጨበጭባል። እህቴ መጨረሻ ላይ መዘውሩን ትታ በሁለት እጇ ጉልበቷን እያሸች ነበር።

ሲያበቃ ጓድ በላቸው ላቡን ጠረገ፣ ግራ እጁን ጨብጦ አነሣና «ቀይ... አሸነፈ» አለ። «ያሸንፋል!» አልን። እህቴ እልልታውን አቀለጠችው። ቴሌቪዥኑ ቤቱ ቀረ።

እዚህ ላይ ዝም ብል ጀግና ሆኜ በቀረሁ። ምን ያደርጋል፣ ማግስትም አለ። በማግስቱ ጓድ በላቸው ገና ሰው ሳይሰበሰብ መጣና በቀኝ በኩል ተሰየመ። ግራኝነቱ ባንድ አዳር ተወው! «እኔ ቀይ ነኝ» አለ። ከዚያ ወዲያ ማን ያሸንፈው? ዳንኤል ተሸነፈ፣ እኔ ተሸነፍኩ፣ ጋሽ ሰይድ በመጣ ቁጥር «ያ ሰላም፣ ምን ዓይነት እጅ ነው!» እያለ ተሸነፈ። ሰዉ አመሻሽ ላይ ይመጣል፣ በየተራው ይሸነፋል፣ አጨብጭቦ ይሄዳል። ሐሜት ቀረ። ለመሳቅ እጅ ማውጣት ሊጀመር ምንም አልቀረውም። የእህቴ ቤት በወንበር ሞልቶ ጨዋታ የጠፋበት ስብሰባ ሆነ።

አንድ ቀን እህቴ ወደ ጆሮዬ ጠጋ ብላ «ምነው ያን ጊዜ ወስዶት በነበር» አለችኝ። «እሱም አብሮት ይሄድልን ነበር።»

«ምን ላድርግሽ እትዬ?»

«ንቀይልኝ! የለጠፍሽው አንቺ አይደለሽ?»

እውነቷን ነው። የለጠፈ ይነቅላል። ተነሣሁ፣ መስታወቱ ጋ ደረስኩ፣ ጥፍሬን በቀዩ ጠርዝ ሥር አስገባሁ። ጠርዙ ብድግ ሲል ከኋላዬ ሁሉም ነገር ጸጥ አለ። ዘወር ብል ቤት ሙሉ ሰው፣ ከነሊቀመንበሩ፣ እጄን ያያል።

«አቧራ ይዞት ነው» አልኩ።

በነጠላዬ ጫፍ ወለል አድርጌ ወለወልኩት። ከመቼውም ይልቅ ቀላ።