ሥልጣናቸው እስከ አጥሬ ድረስ

ትናንት ሌሊት በሕልሜ የሕገ መንግሥት ፍርድ ቤት ዳኞች ደጃፌ ላይ ተሰልፈው አየሁ። ካባቸውን እንደለበሱ «እኔ ነኝ የቀደምኩ»፣ «አይ፣ እኔ ነኝ» እየተባባሉ ይገፋፋሉ።

«በሕግ አምላክ፣ እመቤቴ!» አለኝ ሰብሳቢው። «ጉዳይ ይስጡን!»

ከጎረቤቴ ከጌጤነህ ጋር ስለ አንድ የዘይቱን ዛፍ እንደምንካሰስ ነገርኩት። ባለቤቴ አጥሩ ሥር የተከለው ነው። ጌጤነህ ቅጠሉ አሸንዳዬን ደፈነብኝ ብሎ ሊቆርጠው ተነሣ፤ በሁለት ፍርድ ቤትም ረታኝ። እኔ የምፈልገው ዛፉ እንዲቆም ብቻ ነው።

«የተጣሰ አንቀጽ አለ?»

«እንጃ። ያለ አይመስለኝም።»

ዳኞቹ እልል አሉ።

ወዲያው ግቢዬ ችሎት ሆነ። አንድ ሚኒስትር አዋጅ እንደ በግ ተሸክሞ እያለከለከ ገባ።

«ይህ አዋጅ ከሕገ መንግሥቱ ጋር ይጋጫል!»

«ዶሮው የሕገ መንግሥቱን ጎመን በልቶበታል?» አለ ሰብሳቢው።

«ክቡር ዳኛ፣ አዋጅ ዶሮ የለውም።»

«በጋራ ሽንት ቤት ተጣልተዋል?»

«ኧረ በጭራሽ!»

«እንግዲያው ሥልጣናችን አይደለም። ዕድርዎን ያነጋግሩ።»

ሚኒስትሩ እያለቀሰ ወጣ። በር ላይ አንዲት ጎመን ሻጭ አስቁማ ጠየቀችው፤ ከዘንቢሏ አጠገብ ሳትነሣ አዋጁን ሻረችለት።

ዳኞቹ ሁሉም ዛፉ ላይ ወጡ። ኤግዚቢቱን እየቀጠፉ ይበላሉ።

«ክቡር ፍርድ ቤት፣ የእኔ አሸንዳስ?» አለ ጌጤነህ ከታች።

«ዝም በል! ማስረጃ እየመረመርን ነው!» አሉትና ልጣጭ ራሱ ላይ ጣሉበት።

ሰብሳቢው አፉን በካባው ጠረገ። «ማን ተከለው?» አለኝ።

«ባለቤቴ።»

«ይቅረብና ቃሉን ይስጥ!»

ችሎት አስከባሪው ወደ በሩ ሄዶ ስሙን ሦስት ጊዜ ተጣራ። ነጠላዬን አስተካከልኩ። ከምስክሮች ወንበር ላይ አቧራውን ጠረግሁ። ከውጭ ኮቴ ተሰማ፤ በሩ ተንኳኳ።

ነቃሁ። የሚንኳኳው የእውነት በሬ ነበር። ነግቷል። ስከፍት ጌጤነህ ደብዳቤ ይዞ ቆሟል።

«ደኅና አደሩ፣ እትዬ ሙሉነሽ? ያስገቡት አቤቱታ መልስ መጣ። የሁለት ጎረቤቶች ክርክር ነው፣ የሕገ መንግሥት ትርጉም አያስፈልገውም ብለው ዘግተውታል። እንግዲህ ዛሬ ልቁረጠው ነው፤ አይቀየሙኝ።»

ደብዳቤውን ተቀበልኩት።

«ደግሞ… ካላስቸገርኩዎ የጋሼን መጋዝ ቢያውሱኝ።»

«መጋዙ አንተ ዘንድ ነው» አልኩት። «ለጋሼ ለቅሶ ድንኳን እንጨት ልቁረጥ ብለህ ወስደህ አልመለስከውም።»

ራሱን አከከ።

«እሱማ ደነዘ እኮ» አለኝ። «ሌላ አልነበራቸውም?»