ለሽምግልና የዋጥኩት ኪኒን

ሰው ጥርሱን ሲያመው ጉንጩን ይዞ አደባባይ ይወጣል፤ ወገቡን ሲያመው ለጎረቤት ሁሉ ያወራል። ሽንቱ ሲያስቸግረው ግን ሐኪም ፊት ተቀምጦም ጣሪያ ጣሪያውን ያያል። ለምን እንደሆነ አላውቅም። እኔም አይቻለሁ።

ዳንግላ ውስጥ ሳስተምር ኖሬ ጡረታ ከወጣሁ ወዲህ፣ ሽንቴ በየሰዓቱ ይጠራኝ፣ ካልፈጠንኩም ይቀድመኝ ጀመር። በዚህ መሐል የወንድሜ ልጅ እንጅባራ ላይ ያያትን ልጅ እንድጠይቅለት ሽማግሌ አደረገኝ። በሰው ቤት አራቴ ብድግ የሚል ሽማግሌ አይታችኋል? ክሊኒክ ሄድኩ። ሐኪሟ ተማሪዬ ልትሆን የምትችል ወጣት ናት።

"ሲሸኑስ ይከብድዎታል? ያምጣሉ?" አለችኝ።

"ኧረ ምንም" አልኳት። ዋሸሁ። እውነቱ፣ ብዙ ቆሜ እጠብቃለሁ፤ የሚመጣውም ክር ነው። እሷ ግን አምናኝ ፊኛ የሚያረጋጋ ኪኒን አዘዘችልኝ። ሽንት እምቢ ካለዎት ፈጥነው ይምጡ ስትለኝ በሆዴ ሳቅሁ። የኔ ችግር መብዛቱ ነው እኮ!

ኪኒኑን በጀመርኩ በአራተኛው ቀን ከባልንጀራዬ ከፈንቴ ጋር በሚኒባስ እንጅባራ ገባን። ረዥሙን ሽምግልና ከወንበሬ ሳልነሳ ጨረስኩት፤ ልጅቷም ተፈቀደችልን። ኮራሁ። ከምሳ በኋላ ጓሮ ብወጣ ግን ጠብታ የለም። ተመልሼ ብወጣም የለም። ከእምብርቴ በታች እንደ ከበሮ ተወጠርኩ፤ ላብ አጠመቀኝ። ትናንት አልቆም ያለ ነገር ዛሬ ማን ቆለፈው? ፈንቴ በባጃጅ ሆስፒታል አደረሰኝ። በቀጭን ቱቦ ሲያወጡልኝ አለቀስኩ፤ ከእፎይታ ይሁን ከኀፍረት እኔም አልለየሁትም።

እንደ ሐኪሙ አባባል፣ ፕሮስቴት የሚባለው እጢዬ አብጦ የሽንቱን መንገድ አጥብቦታል። ቶሎ ቶሎ የሚጠራኝም ፊኛዬ በደንብ ስለማይራገፍ ኖሯል። ኪኒኑ ደግሞ ያቺኑ የመግፊያ ጉልበት ቀነሰበት። እንደሚከብደኝ ለሐኪሜ ነግሬ እንደሆነ ጠየቀኝ። ጣሪያ ጣሪያውን አየሁ። ኪኒኑን አስቆመኝ።

ቱቦውን ከነከረጢቱ በጋቢዬ ሸፍኜ ስንመለስ፣ ሌላው እንኳ ይማርበት ብዬ ለፈንቴ ሁሉንም ነገርኩት፤ ውሸቴን፣ ኪኒኑን፣ የተዘጋውን መንገድ። አንገቱን እየነቀነቀ አዳመጠኝ። ዳንግላ ልንደርስ ስንል ወደ ጆሮዬ ጠጋ አለ።

"እኔም ቆሜ ስጠብቅ ነው የምውለው" አለኝ። "ከኪኒኑ የተረፈህ አለ?"